ሽለላ በሳክስፎን

ሳክስፎን በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ1846 የፈጠራ መብት ያገኘ፣ የቤልጅጉ ተወላጅ የአዶልፍ ሳክስ የእጅ ሥራ ነው። ሽለላ ደግሞ ዘማች ወደ ጦር ሜዳ ከመውረዱ በፊት ወኔውን የሚቀሰቅስበት፣ ጀግንነቱን የሚያውጅበት ጥንታዊ ዜማችን ነው። በትውልድም በጠባይም የተራራቁትን እነዚህን ሁለቱን አገናኝተው አንድ ድምፅ ያደረጓቸው ጌታቸው መኩሪያ ናቸው።

ጌታቸው በ1927 ዓ.ም. በይፋት ተወለዱ። ጣቶቻቸው መጀመሪያ የተፍታቱት በክራርና በመሰንቆ ነው፤ ክላርኔትና ሳክስፎን የመጡት ከዚያ በኋላ ነው። በ1941 ዓ.ም. ገደማ፣ ገና በለጋ ዕድሜያቸው፣ የአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤትን ኦርኬስትራ ተቀላቀሉ። በ1948 ዓ.ም. ገደማ ወደ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ ማለትም ወደ ዛሬው ብሔራዊ ቴአትር፣ ከዚያም ከአሥር ዓመት ያህል በኋላ ወደ ፖሊስ ኦርኬስትራ ተዛወሩ።

የኦርኬስትራ ተጫዋች በጋራ ልክ ይነፋል፤ ሸላይ ግን ልኩ የገዛ ትንፋሹ ነው። ጌታቸው በ1940ዎቹ ዓመታት ይህንን የሸላይ ነፃነት ወደ ሳክስፎን አመጡት። ዜማው ከቋሚ ምት ይላቀቃል፤ ድምፁ በሰፊው ይርገበገባል፤ ያጓራል፤ እንደገና ተሰብስቦ ይፎክራል። ቃል የለም፤ ፉከራው ግን ይሰማል። መድረክ ላይም የአንበሳ ጎፈር ደፍተው፣ ለምድ ደርበው ይታዩ ነበር። ልብሱና ዜማው የአንድ ባህል ልጆች ነበሩ።

በ1960ዎቹ (እ.ኤ.አ.) አሜሪካውያኑ ኦርኔት ኮልማንና አልበርት አይለር ነፃ የተሰኘውን ጃዝ ሲያስፋፉ፣ የጌታቸው ሽለላ ቀድሞ ተወልዶ ነበር። የኋላ ዘመን የውጭ አድማጮች መመሳሰሉን አይተው ተደንቀዋል። ይሁን እንጂ የጌታቸውን ድምፅ በጃዝ ሚዛን ብቻ መመዘን ምንጩን መርሳት ይሆናል። ምንጩ የጦር ሜዳው ፉከራ ነው።

በ1972 (እ.ኤ.አ.) ፊሊፕስ ሥራቸውን በሸክላ አሳተመ። በ2003 ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ በሚያዘጋጀው ኢትዮፒክስ በተሰኘው ተከታታይ ኅትመት 14ኛው ቅጽ ለእርሳቸው ተሰጠ። ዘ ኤክስ ከተባለው የሆላንድ ባንድ ጋርም በ2006 «ሞአ አንበሳ»ን፣ በ2012 «የአንበሳው ትዝታ»ን አወጡ። ዓለም በሰፊው ያወቃቸው እንግዲህ ፀጉራቸው ከሸበተ በኋላ ነው። መጋቢት 26 ቀን 2008 ዓ.ም. በ81 ዓመታቸው በአዲስ አበባ አረፉ።

የተዉት ትምህርት ለመዲናይቱ ብቻ የተነገረ አይደለም። የኦሮሞው ጌራርሳም እንደ ሽለላ ሁሉ ጀግንነትን የሚያወድስ ዜማ ነውና፣ ቀድሞ አሰበ ተፈሪ በተባለችው በጭሮም ሆነ በሌሎቹ የምዕራብ ሐረርጌ ከተሞች የነፋስ መሣሪያ የሚያነሣ ወጣት ባዕድ ዜማ ከመቅዳት አስቀድሞ የአያቶቹን ድምፅ ቢያደምጥ፣ የጌታቸውን ፈለግ በእርግጥ ተከተለ ይባላል። መሣሪያው ከየትም ይምጣ፤ የሚነፋበት ትንፋሽ ግን የባለቤቱ ነው።