ከስም ዝርዝሩ በስተኋላ

በሴንት ፖል ከተማ፣ ፍሮግታውን በተባለው ሠፈር፣ በዩኒቨርሲቲ አቬኑ ላይ ቪክቶሪያ የሚባል አሮጌ ቲያትር ቤት ቆሟል። በ1915 (ዓመታቱ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው) ድምፅ አልባ ፊልም ለማሳየት ተሠራ፤ ከጊዜ በኋላ የሙዚቃና የጭፈራ ቤት ሆነ። ለመኪና ማቆሚያ ሲባል ሊፈርስ በታሰበ ጊዜ የሠፈሩ ነዋሪዎች ተሰብስበው ተሟገቱለት፤ በ2011 ከተማው በቅርስነት መዘገበው። በዚያ ባለፍን ቁጥር አንድ ጥያቄ ይመላለስብናል። በዚያ ሸራ ላይ የታዩ ተዋንያን ስማቸው በአንድ መዝገብ ሳይገኝ አይቀርም። ለፊልሙ ገንዘብ የፈለገውን፣ ጥቅሉን ከከተማ ወደ ከተማ ያጓጓዘውን፣ አዳራሹን የተከራየውን ሰው ግን ማን ያስታውሰዋል?

ፊልም አልቆ የስም ዝርዝሩ መውረድ ሲጀምር ካፖርታችንን አንሥተን እንወጣለን። ፕሮዲውሰር የሚባለው ሰው ሥራ ተጽፎ የሚገኘው ግን ሳናነበው በምንሄደው በዚያ ዝርዝር ውስጥ ነው። ገንዘብ ለማኙ፣ ውል ተዋዋዩ፣ የሠራተኛውን ቀለብ አሳቢው፣ በመጨረሻም ሥራው ወደ ሕዝብ የሚደርስበትን መንገድ ጠራጊው እርሱ ነው።

ይህን ድካም ከወገኖቻችን መካከል አጉልቶ የሚያሳየን የኃይሌ ገሪማ ታሪክ ነው። ጎንደር ተወልዶ በ1967 ወደ አሜሪካ የመጣው ኃይሌ፣ በሺካጎ ቲያትርን፣ በሎስ አንጀለስ ፊልምን ተማረ። ገና ተማሪ ሳለ፣ አብዮቱ በፈነዳበት በ1974፣ ወደ አገሩ ተመልሶ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የተባለውን የባላባትና የጭሰኛ ታሪክ በጥቁርና ነጭ ፊልም ቀረጸ። ቀረጻው ሁለት ሳምንት ገደማ ብቻ ፈጀ። በዳይሬክተርነቱ ሁላችንም እናውቀዋለን፤ የፊልሞቹ ፕሮዲውሰር መሆኑን ግን እምብዛም አናነሣም።

የዚህ ሁለተኛ ሥራ ትርጉም ይበልጥ የተገለጠው በ«ሳንኮፋ» ጊዜ ነው። የጥቁሮችን ባርነትና ዓመፅ የሚተርከው ይህ ፊልም በ1993 በበርሊን የፊልም በዓል ለውድድር ቀረበ። ሆኖም የአሜሪካ አከፋፋዮች ፊታቸውን አዞሩበት። እንግዲህ ምን ይደረግ? ኃይሌና የትዳርና የሥራ ጓደኛው ሺሪኪያና አይና ራሳቸው በዋሽንግተን አዳራሽ ተከራዩ። ሕዝቡ ተሰለፈ። በሌሎች ከተሞችም ጥቁር አሜሪካውያን እየተሰባሰቡ ገንዘብ አዋጡ፤ ቲኬት ሸጡ፤ ፊልሙን በየሠፈራቸው አሳዩ። ተመልካቹ ራሱ አከፋፋይ ሆነ ማለት ነው።

ይህ መንገድ ዋጋ አላስከፈለም ልንል አንችልም። ከ«ሳንኮፋ» እስከ ቀጣዩ ልብ ወለድ ፊልሙ እስከ «ጤዛ» 15 ዓመት አለፈ። «ጤዛ» ጀርመን ተምሮ ወደ አገሩ የተመለሰውን የአንበርብርን፣ በእርሱም አማካይነት የዚያን የተማሪ ትውልድ ተስፋና ስብራት የሚናገር ነው። እኅቱ ሰሎሜ ገሪማም በተባባሪ ፕሮዲውሰርነት ደክማበታለች። በ2008 በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማት፣ በ2009 በዋጋዱጉ ታላቁን የየኔንጋ የወርቅ ፈረስ ሽልማት አገኘ። ሽልማቱን ሁላችንም ሰማን። በመካከል ያለፉትን የልመናና የጥበቃ ዓመታት ግን ማን ቆጠረ?

ዋጋው ከባድ ቢሆንም ፍሬው ዘላቂ ነው። ባለቤቶቹ መብቱን ለማንም አሳልፈው ስላልሰጡ፣ «ሳንኮፋ» በ2021 ታድሶ በኔትፍሊክስ ለዓለም ሲቀርብ እንደገና የማን እንደሆነ የሚያጠያይቅ አልነበረም። ያኔ በር የተዘጋበት ሥራ ከ28 ዓመት በኋላ በራሱ ስም ገባ።

ወገኖች! የስደተኛ ታሪክ የሚጠፋው ተናጋሪ አጥቶ ብቻ አይደለም፤ የተነገረውን የሚይዝ፣ የሚጠብቅና የሚያደርስ ሲታጣም ነው። ከእኛ መካከል ካሜራ የሚያነሣ ወጣት አይጠፋም። ደረሰኝ የሚይዝ፣ ውሉን አንብቦ የሚፈርም፣ አዳራሽ የሚከራይና ወንበር የሚደረድር ግን ጥቂት ነው። የፍሮግታውን ነዋሪዎች ግድግዳውን አትርፈዋል። በእንዲህ ያለ ግድግዳ ላይ የኛ ታሪክ የሚታይበት ቀን እንዲመጣ፣ ከመጋረጃ በስተኋላ የሚሠራውን ሥራ ከክብር ሥራ እንቁጠረው። በሚቀጥለው ጊዜ ፊልም ስናይም ዝርዝሩ ወርዶ እስኪያልቅ እንቀመጥ።