ወረቀት የሌለው ጥበቃ

እስቲ ቀረብ በሉ፤ አቦሉ እስኪወርድ ይችን ላጫውታችሁ።

ከመርሳ ተነስታችሁ፣ በሲሪንቃ አድርጋችሁ ወልድያ እስክትገቡ ድረስ መንገዱ ዳር የሚታየው የመሥሪያ ቤት በር ጥቂት አይደለም። በር ላይ የቆመውን ዘበኛ "የዚህ ቤት ሠራተኛ ነህ?" በሉት። አንዳንዱ "የለም፣ በኤጀንሲ ነኝ" ይላችኋል።

የነገሩ ቋጠሮ እዚህች ላይ ናት። የ2011 ዓ.ም. የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ፣ ቁጥር 1156፣ ኤጀንሲ ሰው ቀጥሮ ለሌላ ድርጅት ሥራ እንዲያሰማራ ይፈቅዳል። ልጁ በሐብሩ ወረዳ ፀሐይ የሚጠብቀው የአንዱን በር ነው፤ አሠሪው ግን ሌላ ነው። ደመወዝ ሲዘገይ የት ሄዶ ይጩህ? የሚያውቀው በር ላይ ነዋ! ኃላፊው ብቅ ብሎ "እኔ ውል ያለኝ ከኤጀንሲው ጋር ነው" ይላል። ኤጀንሲው ደግሞ "ተቋሙ አልከፈለኝም" ይላል። ሁለቱም እውነታቸውን ሊሆን ይችላል፤ እውነታቸው ግን የቤት ኪራይ አይከፍልም።

እንግዲህ ሠራተኞቹ በሩ ላይ ተሰበሰቡ እንበል። ኃላፊው ስልኩን ያነሳል፤ ፖሊስ ይመጣል። ማን አዘዘው?

ይህ ጥያቄ በአገራችን ደም ያፈሰሰ ነው። በ1966 ዓ.ም.፣ ወሎ በረሃብ እየረገፈች ሳለ፣ የኢትዮጵያ ሠራተኞች አንድነት ማኅበር ከየካቲት 28 ጀምሮ አገር አቀፍ የሥራ ማቆም አድማ መታ። በአራት ቀን ውስጥ የጠቅላይ ሚኒስትር እንዳልካቸው መኮንን መንግሥት ለመስማማት ተገደደ። ሠራተኛው ጉልበቱን አየ፤ መንግሥትም አየለት። ደርግ ሲመጣ ያው ማኅበር ዝም አላለም። መስከረም 14 ቀን 1968 ዓ.ም. ቦሌ አውሮፕላን ማረፊያ የአየር መንገድ ሠራተኞች የማኅበሩን የአቋም መግለጫ ሲበትኑ ወታደር ተኮሰባቸው። ልብ በሉልኝ፣ በእጃቸው የነበረው ወረቀት ነው። ሰው ሞተ፣ ሰው ቆሰለ፣ ሰው ታሠረ። በአምስተኛው ቀን አዲስ አበባ ላይ የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ታወጀ፤ ማኅበሩም ብዙ ሳይቆይ ፈረሰ። ከተኩሱ በፊት ግራ ቀኙን የሰማ ዳኛ አልነበረም።

በሕንድ፣ ኬረላ በምትባለው ግዛት፣ መንገዱ ሌላ ነው። ሠራተኛ በሩን ዘጋብኝ ያለ ድርጅት ለከፍተኛው ፍርድ ቤት ያመለክታል፤ ፍርድ ቤቱ ካመነበት ፖሊስ መግቢያና መውጫውን እንዲጠብቅ ያዝዛል። በሰላም መቃወም ግን አይከለከልም። እኔ ይህን ባልጠላሁ! የእኛም የ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቢሆን ንብረቱ ሊጠፋ ወይም ሊበላሽ ነው ያለ ተከራካሪ እግድ እንዲጠይቅ ይፈቅዳል። የመዝገብ ቁጥር ያለው፣ ክብ ማኅተም ያረፈበት ወረቀት ይዞ የሚመጣ ፖሊስና በስልክ ተጠርቶ የሚመጣ ፖሊስ አንድ አይደሉም። የመጀመሪያውን "እስቲ አንብብልን" ማለት ይቻላል።

ወሎ ውስጥ ጠብ ሲከር አበጋር የሚባሉ አስታራቂ ሽማግሌዎች ገብተው ዱዓ አድርገው ያበርዱታል። ለደም፣ ለድንበር ይህ ትልቅ ሀብት ነው። ለወር ደመወዝ ግን አልመክረውም፤ የሽማግሌ "ለእኛ ስትል ተወው" ከደሃ ኪስ ነው የሚወጣው።

ሥራ ማቆም በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 42 የተጻፈ መብት ነው። ሆኖም ሥርዓት አለው፤ ከሠራተኛ ማኅበሩ አባላት ቢያንስ ሁለት ሦስተኛው በተገኙበት ስብሰባ በአብላጫ ድምፅ ይወሰናል፣ የ10 ቀን ማስጠንቀቂያ ይሰጣል፣ ኃይልና ዛቻ አይገባበትም። ሆስፒታልን፣ መብራትንና ውኃን የመሰሉ አገልግሎቶች ውስጥ ግን ጭራሹን አይፈቀድም።

ስለዚህ በኤጀንሲ የተቀጠራችሁ ልጆች፣ ዛሬ ማታ ውላችሁን ከሻንጣ አውጡና "አሠሪ" በሚለው ቦታ የማን ስም እንዳለ እዩ። ማስጠንቀቂያው የሚደርሰው ለእሱ ነው።