የሰንጠረዥ ታሪክና የጻፉት ሰዎች

ሰንጠረዥ በኢትዮጵያ የነገሥታትና የመኳንንት ጨዋታ ሆኖ ብዙ ዘመን ኖሮአል። ዐፄ ልብነ ድንግል ከአንድ የቬኒስ ሠዓሊ ጋር ይጫወቱት እንደ ነበረ ተጽፎአል፤ እንግሊዛዊው ሄንሪ ሶልትም በትግራይ ራስ ወልደ ሥላሴ ሲጫወቱ አይቶ፥ በፈረንጆች አቈጣጠር በ1814 ባሳተመው መጽሐፍ አመልክቶአል። ከቀደሙት ተጓዦች ሁሉ ግን ሥርዓቱን አስፍቶ የጻፈው የእንግሊዝ ቆንሲል የነበረው ዋልተር ፕላውደን ነው።

ጨዋታው እንደ ፈረንጆቹ ተራ በተራ አይጀመርም ነበር። የመጀመሪያው ጠጠር እስኪበላ ድረስ ሁለቱም ተጫዋቾች እንደ ፈቀዱ በአንድነት ይነዳሉ፤ ይኸውም ወረራ ይባላል። ተመልካቹም ዝም አይልም፤ ይመክራል፥ ይጮኻል፥ አንዳንድ ጊዜም እጁን ሰድዶ ጠጠሩን ያነሣል። ንጉሡን በፈረስ መያዝ እንደ ትልቅ ነገር አይቈጠርም፤ ምስጋናው መደቅ በሚባሉት በትንንሾቹ ለሚይዝ ነው። ይህ መልካም ፍርድ ነው፤ ባለ ጉልበት ቢያሸንፍማ ምን ያስደንቃል?

ፕላውደን መጽሐፉን ታትሞ አላየውም። በዚያው አቈጣጠር በ1860 ወደ ምጽዋ ለመሄድ ከጎንደር ሲወጣ፥ በዐፄ ቴዎድሮስ ላይ የሸፈቱ ሰዎች አቍስለው ያዙት። የጎንደር ሰዎች ገንዘብ ከፍለው አስለቀቁት፤ ነገር ግን ቍስሉ ጸንቶበት በዚያው በጎንደር ሞተ። ጽሑፉን ወንድሙ ሰብስቦ በ1868 አሳተመው፤ ዐፄ ቴዎድሮስም በመቅደላ የወደቁት በዚሁ ዓመት ነው።

ከመቶ ዓመት በኋላ፥ በ1971፥ ሪቻርድ ፓንክረስት የሰንጠረዥን ታሪክ ለብቻው ሲጽፍ የፕላውደንን ቃል ምስክር አድርጎ አቀረበ። በዚያን ጊዜ ጨዋታውን የሚያውቁት ጥቂት ሽማግሌዎች ብቻ ነበሩ።