መዝገብ ያልያዘው ሕግ
ስለ ሩስያ ባላገርና ስለ ቦረና ከብት አርቢ የተደረገ ንግግር

ነገሌ ቦረና የምትባለው ከተማ በጽሑፍ ታሪካችን ውስጥ ስሟ ጎልቶ የሚነሣው በሁለት ጊዜያት ነው፡፡ መጀመሪያው በጥር ወር 1928 ዓ.ም. የግራዚያኒ ጦር በገናሌ ዶሪያ በኩል የራስ ደስታ ዳምጠውን ሠራዊት በአውሮፕላንና በተሽከርካሪ ገፍቶ ከተማዪቱን የያዘበት ጊዜ ነው፡፡ ሁለተኛው ጥር 4 ቀን 1966 ዓ.ም. በዚያ የሰፈሩት ወታደሮች ምግባቸው ስለ ከፋ፣ የውሃ መሳቢያቸውም ተሰብሮ ሳለ ከመኮንኖቹ ጉድጓድ እንዳይቀዱ ስለ ተከለከሉ፣ አዛዦቻቸውን ይዘው ያመፁበት ነው፡፡ ይህም ዐመፅ በዚያው ዓመት ለተነሣው አብዮት ከመጀመሪያዎቹ ምልክቶች አንዱ ሆኖ ይቈጠራል፡፡

ነገሩን ልብ ላለው ሰው እዚህ ላይ አንድ የሚያስገርም ነገር አለ፡፡ ወታደሩና መኮንኑ በአንድ ጉድጓድ ውሃ ሲጣሉ፣ ከዚያ ወደ ደቡብና ወደ ምዕራብ በተዘረጋው ቈላ በጉድጓድ ውሃ የሚኖረው ሕዝብ ማን መቼ እንደሚቀዳ የሚደነግግ የቈየ ሕግ ነበረው፡፡ ዳሩ ግን ጦርነቱና ዐመፁ በመዝገብ ሲገባ ይህ ሕግ አልገባም፡፡ እንግዲህ ለዛሬው ንግግራችን የመረጥነው ጥያቄ ይህ ነው፤ መዝገብ ያልጻፈለትን ሕዝብ ታሪክ በምን ልናውቀው እንችላለን? ሳናውቀው ብንቀርስ ምን ጉዳት ይደርሳል?

ጥያቄው የእኛ ብቻ አይደለም፡፡ በሩስያ አገር ለብዙ ዘመን የተጻፈው ታሪክ የነገሥታትና የጦር አለቆች ታሪክ ነበር፡፡ ከሕዝቡ የሚበዛው ግን ባላገር ነበረ፤ ከዚያም ውስጥ ብዙው ከባለርስቱ መሬት ጋር የታሰረ ገባር ነበር፡፡ ቫሲሊ ሴሜቭስኪ የተባለው ታሪክ ጸሐፊ ብዙ ዘመኑን ለዚህ ባላገር ሰጠ፡፡ በአውሮፓ አቈጣጠር በ1881 በዳግማዊት ካተሪና ዘመን ስለ ነበሩት ገባሮች መጽሐፍ አሳተመ፤ በ1888 ደግሞ የገባሩ ጥያቄ በሩስያ እንዴት እንደ ተነሣና እንደ ተከራከሩበት በሁለት ቅጽ አወጣ፡፡ በመካከሉ፣ በ1886፣ አዝማሚያው አልተወደደለትምና በሴንት ፒተርስቡርግ ዩኒቨርሲቲ ከማስተማር ተከለከለ፡፡ ስለ ገበሬ ኑሮ መጻፍ መንግሥትን የሚያሳስብ ሥራ መሆኑን ከዚህ መረዳት ይቻላል፡፡

ሊቃውንቱ ወደ መንደሩ ጠጋ ብለው በተመለከቱ ጊዜ ያገኙት ነገር ብዙ ነው፡፡ በብዙ የሩስያ መንደር እርሻው የአንድ ሰው የግል ንብረት አልነበረም፤ «ሚር» የሚባለው የመንደር ማኅበር በየጊዜው እየተሰበሰበ መሬቱን እንደ ቤተ ሰቡ ብዛት ያከፋፍል ነበር፤ ግብሩንም በአንድነት ይከፍላል፡፡ «ሚር» ማለት በቋንቋቸው ዓለም ማለትም ነው፡፡ በ1861 ገባሩ ነጻ ሲወጣ በብዙ አውራጃ መሬቱ የተሰጠው ለዚሁ ማኅበር ነው፤ ዋጋውም በ49 ዓመት ተከፍሎ እንዲያልቅ ታዘዘ፡፡ ከዚያም በኋላ የየአውራጃው ምክር ቤት ቈጣሪዎች ቤት ለቤት እየዞሩ የቤተ ሰቡን ቍጥር፣ የፈረሱን፣ የላሙንና የእርሻውን መጠን መዘገቡ፡፡ ከሩቅ ሲያዩት ሥርዐት የሌለው የሚመስለው ሕዝብ ራሱን የቻለ ሥርዐት ያለው ሆኖ ተገኘ፡፡

አሁን ወደ ቈላችን እንመለስ፡፡ ሴሜቭስኪ ቢያንስ የባለርስቶች ደብዳቤና የገባሮች አቤቱታ ነበረው፡፡ የቦረናን ታሪክ የሚሻ ሰው ግን የሚያገላብጠው ወረቀት እጅግ ጥቂት ነው፤ ስለዚህ ከሽማግሌ እግር ሥር መቀመጥ ግድ ይሆንበታል፡፡ በአሥመራ የተወለዱት ሊቅ ዶክተር አስመሮም ለገሠ በ1950ዎቹ አጋማሽ ወደ ቦረና ወርደው ያደረጉት ይህንኑ ነው፡፡ ጥናታቸውም «ገዳ» በሚል ስም በአውሮፓ አቈጣጠር በ1973 በመጽሐፍ ታተመ፡፡ ከመምህሮቻቸው አንዱ አሬሮ ራማታ የተባሉ የታሪክ ዐዋቂ ሽማግሌ ነበሩ፡፡

ቦረና ዘመንን የሚቈጥረው በአባ ገዳ ስም ነው፡፡ ሥልጣን በየስምንት ዓመቱ ከአንዱ የገዳ ወገን ወደ ሌላው ይተላለፋል፤ ወገኖቹም አምስት ስለ ሆኑ የአባት ተራ ለልጅ የሚደርሰው ከ40 ዓመት በኋላ ነው፡፡ ሽማግሌው «ያ ድርቅ የሆነው በእገሌ ገዳ ነው» ሲል ቀን ቈርጦ መናገሩ ነው፡፡ ያ አባ ገዳ ከአሁኑ አምስት ተራ የሚርቅ ቢሆን ነገሩ ከ40 ዓመት ገደማ በፊት የተደረገ መሆኑ ይታወቃል፡፡ የሽማግሌ ቃል ሁሉ ግን እንዲሁ አይታመንም፤ ሰው ይረሳል፣ ለወገኑም ያዳላል፡፡ ስለዚህ ተመራማሪው የአንዱን ቃል ከሌላው ጎሣ ሽማግሌ ቃል ጋር ያስተያያል፤ ከ1880 ዓ.ም. ጀምሮ እንደ ደረሰው የከብት እልቂትና ክፉ ቀን ካለ ዘመኑ ከታወቀ ነገርም ጋር ያመዛዝነዋል፡፡

ሕጉም እንደ ዘመን አቈጣጠሩ በቃል የተያዘ ነው፡፡ በየስምንት ዓመቱ ጉሚ ጋዮ በሚባለው ታላቅ ጉባኤ ይነገራል፣ ይከለሳል፡፡ ሥራው በግልጽ የሚታየው በጉድጓዶቹ አፍ ነው፡፡ እንደ ዱብሉቅና ዌብ ባሉ ስፍራዎች የሚገኙት የቱላ ጉድጓዶች እስከ 30 ሜትር የሚጠልቁ አሉ፤ ወንዶች ከታች እስከ ላይ በተርታ ቆመው፣ እየዘፈኑ፣ ባልዲውን ከእጅ ወደ እጅ ያቀባብላሉ፡፡ እያንዳንዱ ጉድጓድ በጎሣ ስም የተያዘ ነው፤ የየቀኑን ተራ የሚያስከብረው አባ ሄሬጋ ይባላል፡፡ የማን መንጋ ዛሬ፣ የማን ነገ እንደሚጠጣ የሚወሰነው በዚህ ሥርዐት ነው፡፡

ክቡራን አድማጮች፤ ይህን ሁሉ አለማወቅ የሚያስከትለውን ጉዳት በቢሮ የምንሠራ ሰዎች ልንመረምረው ይገባል፡፡ በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 130 በሰው ስም ያልተያዘውን ንብረት፣ የግጦሽ መሬትንና ወራጅ ውሃንም ጭምር፣ የመንግሥት ሀብት አደረገ፡፡ በመዝገቡ ፊት የቦረና ግጦሽ ባለቤት የሌለው ሆነ ማለት ነው፡፡ ከዚያም በኋላ በነበሩት ዓመታት ለሕዝቡ ይጠቅማል ተብሎ በበጋ ከብት በማይውልበት፣ በዝናብ ጊዜ ብቻ በሚጋጥ ሜዳ ላይ ኩሬ ተቈፈረ፡፡ ውሃው መልካም ነበር፤ ነገር ግን ከብቱ ዓመቱን ሙሉ በዚያ ስለ ዋለ ለክረምት የሚጠበቀው ሣር ተጋጠ፡፡ ኩሬው ተቈፈረ እንጂ የተራው ሕግ አብሮ አልተሠራለትም፡፡

ሕጉ ቀስ በቀስ ወደ ሕዝቡ ቀርቧል፡፡ የየካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት ዐዋጅ ዘላኖች በልማድ በሚገለገሉበት የግጦሽ መሬት ላይ የይዞታ መብት ሰጣቸው፤ የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 40 ከብት አርቢው ከመሬቱ ያለመፈናቀል መብት እንዳለው ደነገገ፡፡ በ2009 ዓ.ም. ደግሞ ገዳ በዩኔስኮ የሰው ልጅ የማይዳሰስ ባህላዊ ቅርስ ሆኖ ተመዘገበ፡፡ ነገር ግን ዐዋጅ በወረቀት ላይ ያለ ቃል ነው፤ በጉድጓዱ አፍ የሚፈጸመው በሹሙና በሠራተኛው ዕውቀት ነው፡፡

እንግዲህ ወደ ነገሌ፣ ወደ ያቤሎ ወይም ወደ ሞያሌ ለሥራ የሚወርድ ሰው በቅጹ ላይ «ባለቤት የለውም» ብሎ ከመጻፉ በፊት ብዕሩን አኑሮ ሽማግሌውን ይጠይቅ፤ «ይህ ውሃ የማን ነው? ተራውስ ዛሬ የማን ነው?» ይበል፡፡ መልሱን ያገኛል፤ መልሱም ከመዝገብ ቤታችን የቈየ ሆኖ ያገኘዋል፡፡