ዱሜራ፤ ሰው የማይኖርባት ደሴትና የባብ ኤል ማንደብ ሰርጥ

ዱሜራ በቀይ ባሕር ደቡባዊ ጫፍ፣ ኤርትራና ጅቡቲ በሚዋሰኑበት ጠረፍ አጠገብ የምትገኝ ትንሽ ደሴት ናት። ራስ ዱሜራ ከሚባለው ተራራማ የየብስ ጫፍ የምትርቀው ከአንድ ኪሎ ሜትር ያነሰ ነው። በስተምሥራቋ ካሊዳ የምትባል ከእሷም ያነሰች ሌላ ደሴት አለች። ሁለቱም ነዋሪ የላቸውም። ባለፉት ዓመታት ሰው ሰፈረባቸው ሲባል የተሰማው ወታደር ሲገባባቸው ነው።

ከቆቦ ተነስቶ የዞብልን ተራራ ተሻግሮ የአፋርን ዝቅተኛ ምድር ወደ ምሥራቅ በቀጥታ ማቋረጥ ቢቻል፣ 400 ኪሎ ሜትር ሳይሞላ የሚደረስበት ባሕር ይኸው ነው። ከራያ ቆላ ወደ አፋር የሚወርዱት እንደ ጎሊና ያሉ ወንዞች ግን ባሕሩን አያገኙትም፤ በረሃው ውስጥ ይቀራሉ። ቆቦንና ባሕሩን የሚያገናኛቸው ንግድ ነው።

ከዱሜራ ወደ ምሥራቅ 30 ኪሎ ሜትር ገደማ ሲኬድ የየመኗ ፔሪም ደሴት ትገኛለች። ፔሪም የተቀመጠችው በባብ ኤል ማንደብ ሰርጥ መሐል ነው። የሰርጡ ስም ከዐረብኛ ሲመለስ “የዕንባ በር” እንደ ማለት ነው። ደሴቲቱ መተላለፊያውን ለሁለት ትከፍለዋለች፤ በየመን በኩል ያለው ሦስት ኪሎ ሜትር ያህል ስፋት ያለው ጠባብ መንገድ ሲሆን፣ በአፍሪካ በኩል ያለው 25 ኪሎ ሜትር ያህል ሰፍቶ ጥልቀቱ ከ300 ሜትር ያልፋል። እንግሊዞች ፔሪምን እ.ኤ.አ. በ1857 ይዘው እስከ 1967 አልለቀቋትም። ዱሜራም ብትሆን ዋጋዋ ከድንጋዩ ሳይሆን ከዚህ በር ቅርበቷ የመጣ ነው።

የስዊዝ ቦይ እ.ኤ.አ. በኅዳር 1869 ሲከፈት፣ በዚያው ወር ሩባቲኖ የተባለው የጣሊያን የመርከብ ኩባንያ አሰብን ከአካባቢው ሹማምንት ለመግዛት ተዋዋለ። ፈረንሳይ ደግሞ በኦቦክና በኋላም በጅቡቲ ተተክላ ነበር። ሁለቱ ቅኝ ገዢዎች እ.ኤ.አ. በ1900 እና በ1901 ባደረጓቸው ስምምነቶች ወሰኑ ከራስ ዱሜራ ጫፍ ተነስቶ የተራራውን የውኃ መክፈያ እንዲከተል አደረጉ። ደሴቷን ግን ለማናቸውም ሳይሰጡ፣ ሌላ ሦስተኛ መንግሥት እንዳይዛት ብቻ ተስማምተው ለሌላ ጊዜ አቆዩዋት። ጠቡ የተጠመቀው ያኔ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ታኅሣሥ 29 ቀን 1927 ዓ.ም.፣ በእኛ የገና ዕለት፣ የፈረንሳዩ ላቫልና ሙሶሊኒ ሮም ላይ ሌላ ስምምነት ተፈራረሙ። በዚህ ውል ፈረንሳይ ዱሜራን ለጣሊያን ትለቅ ነበር፤ ውሉ ግን ሥራ ላይ ሳይውል ቀረ። ያ ስምምነት ለኢትዮጵያ ከደሴቷ የከፋ ነገር ነበረው። ሙሶሊኒ ላቫል በኢትዮጵያ ላይ እጄን ፈትቶልኛል ብሎ የተረዳው ከዚያ ንግግር ነው፤ ዓመት ሳይሞላም ወረራው ተጀመረ።

ኤርትራ በመስከረም 1945 ዓ.ም. በፌዴሬሽን ከተቀላቀለች አንሥቶ በ1985 ዓ.ም. ነፃ መንግሥት እስከሆነችበት ጊዜ፣ ለ40 ዓመታት ያህል የኢትዮጵያ የባሕር ጠረፍ በስተደቡብ የሚያልቀው እዚሁ ራስ ዱሜራ ላይ ነበር። ከዚያ ወዲህ ነገሩ የኤርትራና የጅቡቲ ሆነ። በ1988 ዓ.ም. ሁለቱ አገሮች ለጥቂት ከግጭት ተርፈዋል። ሰኔ 3 ቀን 2000 ዓ.ም. ግን ተታኮሱ፤ ከሁለቱም ወገን ሰው ሞተ፣ ተማረከም። ኤርትራ በመጀመሪያ ነገሩን አስተባብላ የተባበሩት መንግሥታትን አጣሪ ቡድን ሳትቀበል ቀርታለች። የጸጥታው ምክር ቤት ጥር 6 ቀን 2001 ዓ.ም. ባሳለፈው ውሳኔ ቁጥር 1862 ኤርትራ ጦሯን በአምስት ሳምንት ውስጥ እንድታስወጣ ጠየቀ። ታኅሣሥ 14 ቀን 2002 ዓ.ም. በተላለፈው ውሳኔ ቁጥር 1907 ለተጣለባት ማዕቀብ ከተጠቀሱት ምክንያቶች አንዱም ይኸው ዱሜራ ነበር፤ ሌላው ሶማሊያ ነው።

በ2002 ዓ.ም. ግንቦት ላይ ኳታር አስታርቃ ወታደሮቿን በመሐል አሰፈረች። ሰባት ዓመት ከቆዩ በኋላ የባሕረ ሰላጤው አገሮች እርስ በርስ ሲጣሉ፣ ኤርትራና ጅቡቲ ወደ ሳዑዲ ዐረቢያ ወገን በማዘንበላቸው ኳታር በሰኔ 2009 ዓ.ም. ጦሯን አስወጣች። ጅቡቲም በቀናት ውስጥ የኤርትራ ወታደሮች ተራራውንና ደሴቷን ያዙ ስትል ከሰሰች። የሁለቱ አገሮች መሪዎች በመስከረም 2011 ዓ.ም. ጅዳ ላይ ተገናኙ፤ ማዕቀቡም ኅዳር 5 ቀን 2011 ዓ.ም. ተነሣ። የምርኮኞቹ ጉዳይ ግን አብሮ አልተዘጋም። በ2008 ዓ.ም. አራት የጅቡቲ ወታደሮች ተለቀው አገራቸው ገብተዋል፤ ጅቡቲ የሌሎች 13 ወታደሮቿን ደብዛ ስትጠይቅ ቆይታለች። ለእነዚያ ቤተሰቦች ዱሜራ የካርታ ጉዳይ አይደለችም።

በእኛ በኩል ብዙ ጊዜ የሚዘነጋ አንድ ነገር አለ። የጅቡቲ ወደብ ያለው ከሰርጡ በስተደቡብ፣ አሰብ ደግሞ በስተሰሜን ነው። ስለዚህ ከቻይናና ከህንድ ወደ ጅቡቲ የሚመጣ መርከብ በባብ ኤል ማንደብ አያልፍም። ከሞሮኮ የሚገዛው የፎስፌት ማዳበሪያና ከጥቁር ባሕር የሚጫነው ስንዴ ግን በዚያው በር መውጣት አለባቸው። ነሐሴ 24 ቀን 2014 ዓ.ም. 23 ሺሕ ቶን የዩክሬን ስንዴ ይዛ ለኢትዮጵያ ዕርዳታ ጅቡቲ የደረሰችው ብሬቭ ኮማንደር የመጣችው በዚህ መንገድ ነው።

ኅዳር 9 ቀን 2016 ዓ.ም. የየመን ሁቲዎች ጋላክሲ ሊደር የተባለችውን መርከብ ቀይ ባሕር ላይ ከያዙ በኋላ፣ ብዙ የመርከብ ድርጅቶች ሰርጡን ትተው አፍሪካን በደቡብ በኩል ዞሩ። ዙሪያው ለጉዞው አሥር ቀንና ከዚያ በላይ ይጨምራል፤ የመርከብ ኪራይና የመድን ዋጋም አብሮ ይወጣል። የራያ ገበሬ ጎርፍ ጠልፎ ማሳውን በደለል ማልማት ስለሚያውቅበት እንደ ደጋው ሰው ማዳበሪያ ላይ አይንጠለጠል ይሆናል። ለሚፈልገው ግን ጭነቱ ጅቡቲ ላይ ተራግፎ፣ በጋላፊና በሚሌ አድርጎ ሰሜን ወሎ መድረስ ያለበት ጤፍ ከሚዘራበት ከሐምሌ በፊት ነው።