የቆብ ቃል ኪዳን በጎንደር አገር

ቢጫ ቀሚስ የለበሰች፣ ቆብ የደፋች፣ መቍጠሪያ የያዘች እናት በመንገድ ስታልፍ ብታይ፣ «እማሆይ፣ ይጸልዩልኝ» ብለህ ጎንበስ ትላለህ፤ በልብህም «ዓለም በቃኝ ብላ የተለየች ሴት ናት» ትላለህ። ይህ አሳብ ግማሹ እውነት ነው። የቀረውን ግማሽ የጎንደርን አገር ታሪክ ይዘን ጥቂት እንመልከተው።

አስቀድሞ ግን ቃል ኪዳኑ ምን እንደ ሆነ ማወቅ ይገባል። ምንኵስና በአንድ ቀን የሚፈጸም ነገር አይደለም። ፈላጊዋ አስቀድማ በአመክሮ ትቆያለች። ይህ ቃል በእኛም መሥሪያ ቤት የታወቀ ነው፤ ነገር ግን የእርሷ አመክሮ ውኃ መቅዳት፣ እህል መፍጨት፣ እንጨት መልቀም፣ የታዘዙትን ያለ ማጕረምረም መፈጸም ነው። ከዚህ በኋላ እንደየደረጃዋ ቀሚሱን፣ ቅናቱን፣ ቆቡን ትቀበላለች፤ ከሁሉ የሚበልጠው አስኬማው ነው። በምትመነኵስበት ቀን በቁሟ ሳለች እንደ ሞተ ሰው ጸሎተ ፍትሐት ይደገምላታል። ሀብቷን ትታ በድህነት፣ ከጋብቻ ተለይታ በንጽሕና፣ ፈቃዷን ሰጥታ በመታዘዝ ልትኖር ቃል ትገባለች። እንግዲህ ጥያቄው ይህ ነው፤ እንደ ሞተ የተቈጠረ ሰው ለሕያዋን ምን ይሠራል?

መልሱን ለማግኘት መጀመሪያ ወደ ወለቃ እንሂድ። ከጎንደር ወደ ደባርቅ የሚወስደውን መንገድ ይዞ ጥቂት ኪሎ ሜትር የሄደ ሰው ወለቃን ያገኛል። ወለቃ የቤተ እስራኤል መንደር ነበረ፤ ወንዶቹ በብረት ሥራና በሽመና፣ ሴቶቹም በሸክላ ሥራ የታወቁ ነበሩ። ቤተ እስራኤል ኦሪትን የሚጠብቁ ሲሆኑ መነኮሳትም ነበሯቸው፤ ይህም በዘመናችን በሌላው ዓለም ካሉት አይሁድ የሚለያቸው ትልቅ ነገር ነው። በትውፊታቸው እንደሚነገረው ሥርዓቱን የመሠረቱት በ15ኛው መቶ ዘመን የነበሩት አባ ሳብራ ናቸው፤ የዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ልጅ ነው የሚባለው ጸጋ አምላክም ደቀ መዝሙራቸው ሆነ። መነኮሳቱ ከሕዝቡ በአጥር ተለይተው፣ ምግባቸውን ራሳቸው እያዘጋጁ ይኖሩ ነበር። ቍጥራቸው ከወንዶቹ ያነሰ ቢሆንም ከሴቶቹም የመነኰሱ ነበሩ።

አንባቢ ሆይ፤ አንድ ነገር ልብ በል። እነዚህ ከሕዝቡ የተለዩ መነኮሳት የሕዝቡን ካህናት የሚያስተምሩና የሚሾሙ፣ ጸሎቱንና መጽሐፉን የሚያስተላልፉ እነርሱው ነበሩ። መለየታቸው ሕዝቡን መተው አልነበረም። ከ1880 እስከ 1884 ዓ.ም. የነበረው ክፉ ቀን ገዳማቱን ክፉኛ አዳከማቸው፤ ከሕዝቡም የሚበዛው በ1977 እና በ1983 ዓ.ም. በተደረጉት ታላላቅ ጕዞዎችና ከዚያ ወዲህ ወደ እስራኤል ሄደ። ዛሬ ወለቃ የሚደርስ ሰው የሚያየው የድሮውን የጸሎት ቤትና በመንገድ ዳር ለገበያ የተዘረጋውን የሸክላ ሥራ ነው።

ከወለቃ ወደ ደቡብ፣ ወደ ጣና ዳር ብንወርድ ደግሞ በክርስቲያኑ ወገን የአንዲት ሴት ታሪክ ይጠብቀናል። ወለተ ጴጥሮስ በ1584 ዓ.ም. ገደማ ከመኳንንት ወገን ተወለደች፤ የዐፄ ሱስንዮስም ባለሟል ለሆነው ለመልክአ ክርስቶስ ተዳረች። የወለደቻቸው ሦስት ልጆች በሕፃንነታቸው ሞቱባት። ለመመንኰስ ከቤቷ በወጣች ጊዜ ባሏ ጭፍራውን አስከትሎ የተጠለለችበትን አገር ሰው ስላስጨነቀ፣ በእርሷ ምክንያት ድኻ እንዳይጠፋ ብላ ተመለሰች። ነገር ግን በ1609 ዓ.ም. አቡነ ስምዖን በጦርነት ተገደሉ፤ ባሏም ከገዳዮቻቸው ወገን መሆኑን ባወቀች ጊዜ ከእርሱ ጋር መኖር አልተቻላትም። ወጥታ መነኰሰች።

በዚያ ወራት እኅተ ክርስቶስ ከምትባል ሴት ጋር ተገናኘች። ይህችም ባሏንና ልጇን ትታ የመጣች ነበረች። ሁለቱ እስከ ሞት አልተለያዩም። አንባቢ ሆይ፤ ይህን በቀላሉ አትለፈው፤ ልጅን ትቶ መሄድ ለማንም እናት ቀላል አይደለም። የቆቡ ዋጋ ይህን ያህል የከበደ ነበር።

ዐፄ ሱስንዮስ በ1614 ዓ.ም. የካቶሊክን ሃይማኖት በይፋ ሲቀበሉ ብዙ መኳንንት ሹመታቸውንና ርስታቸውን አስበው ዝም አሉ። ወለተ ጴጥሮስ ግን በየአገሩ እየዞረች ሕዝቡ የአባቶቹን ሃይማኖት እንዳይለቅ አስተማረች። በንጉሡ ፊት ለፍርድ ቀረበች፤ አልፎንሱ ሜንዴዝም ሊያስረዷትና ሊመልሷት ሞከሩ፤ አልተመለሰችም። በመጨረሻ ወደ ዠበይ፣ ወደ ሱዳን ጠረፍ፣ ወደ ቈላው አገር ተጋዘች፤ በግዞትም ሦስት ዓመት ቆየች። ርስት የሌለው ሰው ርስቱ አይወረስበትም፤ ሹመት የማይፈልግ ሰው ከሹመት አይሻርም፤ ፍትሐት የተደገመለትንም በሞት ማስፈራራት አስቸጋሪ ነው። የመነኵሲቱ ኀይል ምንጩ ይህ ነበር።

በግዞት ሳለች ሰው እየተከተላት ስለ መጣ የመጀመሪያው ማኅበር እዚያው በዠበይ ተመሠረተ፤ በኋላም ማኅበራቷ ሰባት ሆኑ። በማኅበሩ «ይህ የእኔ ነው» ማለት አልተፈቀደም። የጌታ ልጅና የገበሬ ልጅ ምግባቸው አንድ ነበረ፤ እርሷም ራሷ እንደ ሌሎቹ እህል ትፈጭ፣ እንጨትም ትሸከም ነበር። ዐፄ ሱስንዮስ በ1624 ዓ.ም. የቀድሞው ሃይማኖት እንዲመለስ አወጁ፤ ዐፄ ፋሲልም ነግሠው በ1628 ዓ.ም. ጎንደርን መናገሻ አደረጉ። ወለተ ጴጥሮስ ኅዳር 17 ቀን 1635 ዓ.ም. ዐርፋ በጣና ደሴት በሬማ ተቀበረች። ማኅበሩን እኅተ ክርስቶስ መራች፤ ኋላም ቋራጣ ዋና መቀመጫው ሆነ። ገድሏንም ከዕረፍቷ ሠላሳ ዓመት ያህል በኋላ ገላውዴዎስ የተባለ መነኵሴ፣ የሚያውቋትን ሰዎች ምስክርነት ሰምቶ ጻፈው። ስለዚህ የአንዲት ኢትዮጵያዊት ሴት ሕይወት እንዲህ በዝርዝር ተጽፎ ሊደርሰን ቻለ።

ይህ የጥንት ዘመን ነገር ብቻ እንዳይመስልህ ወደ ዘመናችን እንቅረብ። የከንቲባ ገብሩ ልጅ እማሆይ ጽጌ ማርያም በስዊስ አገር የተማሩ፣ ፒያኖና ቫዮሊን ያጠኑ ወይዘሮ ሲሆኑ በ21 ዓመታቸው በግሸን ማርያም መነኰሱ። በ1950ዎቹ ዓመታት የቅዱስ ያሬድን ዜማ ለማጥናት ጎንደር በተቀመጡ ጊዜ፣ የቆሎ ተማሪዎች እየለመኑ ሲማሩ፣ በቤተ ክርስቲያን ደጅም በሜዳ ሲያድሩ አዩ። የሚሰጡት ገንዘብ አልነበራቸውም፤ የነበራቸው ሙዚቃቸው ነበር። ስለዚህ በ1959 ዓ.ም. ገደማ የመጀመሪያውን ሸክላ በጀርመን አገር አሳተሙ፤ ገቢውንም ለበጎ አድራጎት አደረጉት። መጋቢት 17 ቀን 2015 ዓ.ም. በኢየሩሳሌም ሲያርፉ 99 ዓመታቸው ነበር።

እንግዲህ ክቡር አንባቢ ሆይ፤ የወለቃው መነኵሴ፣ የጣናዋ እናት፣ የግሸኗ እማሆይ በሃይማኖትም በዘመንም ይለያያሉ፤ ሦስቱ ግን አንድ ነገር ያስረዱናል። ቆብ ሰውን ከዓለም የሚለየው ዓለሙን እንዲጠላ አይደለም፤ ከሕዝቡ ሳይጠቀም ሕዝቡን እንዲያገለግል ነው። እኛ በቢሮ ወንበር የተቀመጥን ሰዎች ቆብ እንድንደፋ የሚጠይቀን የለም። ሥራ ስንይዝ ግን እኛም ቃል ገብተናል። ሹመት እንዳይቀርብን፣ እድገት እንዳይዘገይብን ስንል ማለት የሚገባንን ሳንል የቀረንበት ቀን ቢኖር፣ እንደ ሞተች ተቈጥራ በንጉሥ ፊት የቆመችውን ሴት እናስታውስ።