በሐይቅ ዳር የተሠራችው «ኢትዮጵያ»

በወሎ፣ ሳይንት ውስጥ፣ አጅባር ላይ የዘነበ ዝናብ መድረሻው ባሕር ነው። ሸለቆውን ተከትሎ በሽሎ ይገባል፤ በሽሎ ወደ ዓባይ፣ ዓባይም በሱዳንና በግብፅ አልፎ ሜዲትራኒያን ይደርሳል። የሳይንትና የቦረና ደገኛ ግን ውሃውን ይሸኛል እንጂ አብሮት አይወርድም። በእነዚህ ደገኞች አገር ስም የምትጠራ አንዲት ትልቅ መርከብ ግን ለሠላሳ ዓመት ገደማ ቀይ ባሕር ላይ ተመላልሳለች። ስሟም «ኢትዮጵያ» ነበር።

መርከቧ የተሠራችው አሜሪካ ውስጥ፣ በዋሽንግተን ሐይቅ ዳር በሚገኝ የመርከብ መሥሪያ ነው። ሥራዋ እ.ኤ.አ. በሐምሌ 1942 ተጀመረ፤ በጥር 1944 ደግሞ «ኦርካ» ተብላ የአሜሪካ ባሕር ኃይልን ተቀላቀለች። ርዝመቷ 95 ሜትር፣ ወርዷ 12 ሜትር ተኩል ያህል ነው። በዲዝል ሞተር ትነዳለች፤ ፍጥነቷም በሰዓት 34 ኪሎ ሜትር ገደማ ነበር።

ስትሠራ የታሰበችው ለተኩስ ግጥሚያ አልነበረም። በፓስፊክ ጦርነት ጊዜ ውሃ ላይ የሚያርፉ አውሮፕላኖች የሚነሡት መንደርደሪያ ሜዳ ከሌላቸው ደሴቶች ስለነበር፣ እንደ እናት የምትከተላቸው መርከብ ያስፈልጋቸው ነበር። ኦርካና እኅቶቿ ነዳጃቸውን፣ መለዋወጫቸውንና ጥይታቸውን ይዘው ይከተሏቸው ነበር። የተበላሸውን አውሮፕላን በክሬን አንሥተው ከኋላው ወለል ላይ አስቀምጠው ይጠግኑታል። ጥልቀት በሌለው ወደብ እንዲገቡም አካላቸው ውሃ ውስጥ ብዙ እንዳይሰምጥ ሆኖ ተሠርቷል። ከራሳቸው ባሕረኞች ሌላ ለአብራሪዎቹና ለመካኒኮቹ የሚሆን ተጨማሪ መኝታ ነበራቸው። ኦርካ በዚህ ሥራ እስከ ፊሊፒንስ ሌይቴና ሊንጋየን ድረስ አገልግላለች።

ኤርትራ በ1945 ዓ.ም. በፌዴሬሽን ስትቀላቀል ኢትዮጵያ ረጅም የባሕር ዳርቻ አገኘች። ጥቂት ዓመታት ቆይቶ ባሕር ኃይል ተቋቋመ፤ ኖርዌያውያን መኮንኖችም ሥልጠናውን አገዙ። ኦርካ በ1954 ዓ.ም. በውሰት መጣችና አዲስ ስሟን ያዘች። በ1968 ዓ.ም. ደግሞ መንግሥት ጠቅልሎ ገዛት። በባሕር ኃይሉ ከነበሩት መርከቦች ሁሉ ትልቋ እሷ ነበረች።

ለአብራሪዎች የታሰበው ያ ተጨማሪ መኝታ እዚህ ሌላ ጥቅም አገኘ፤ መርከቧ የዕጩ መኮንኖች ተንሳፋፊ ትምህርት ቤት ሆነች። ባሕር በጥቁር ሰሌዳ ብቻ አይለመድም። ዕጩው ሆዱ እየታወከ በሌሊት ተረኛ ሲቆም፣ ኮከብና ካርታ ሲያስተያይ፣ ሞተር ክፍል ወርዶ ሙቀቱንና ጩኸቱን ሲችል ነው ባሕረኛ የሚሆነው። ፈረንሳዮች ይህን ጠንቅቀው ያውቃሉ። እ.ኤ.አ. በ1932 የሠሯቸው «ቤል ፑል» እና «ኤቷል» የተባሉ ባለ ሸራ መርከቦች በሚሳይል ዘመንም የባሕር ኃይል ዕጩዎቻቸውን ያስተምራሉ። ሸራ ጎትቶ ነፋስን ያወቀ ሰው ሌላውን መርከብ ለመልመድ አይቸገርም ብለው ያምናሉ።

በኢትዮጵያ ባሕር ኃይል ላይ ግን ክፉ ቀን መጣ። የባሕር ኃይሉ ምክትል አዛዥ የነበሩት ልዑል እስክንድር ደስታ በኅዳር 1967 ዓ.ም. ያለፍርድ ከተረሸኑት ባለሥልጣናት አንዱ ሆኑ። በየካቲት 1982 ዓ.ም. የወደብ ከተማዋ ምፅዋ በውጊያ ተያዘች። በግንቦት 1983 ዓ.ም. ደግሞ የቀሩት ባሕረኞች መርከቦቻቸውን ይዘው ባሕሩን ተሻገሩ፤ «ኢትዮጵያ»ም የመን ገባች። አልተመለሰችም። እ.ኤ.አ. በ1993 ለቁርጥራጭ ብረት ተሸጠች።

የአገር ስም የተጻፈበት ብረት በባዕድ ወደብ ተቆራርጦ ሲሸጥ ማሰብ ልብ ይሰብራል። ለእኔ ግን የሚብሰው ሌላ ነው። መርከብ በገንዘብ ይተካል። ሠላሳ ዓመት ያፈራቻቸው መኮንኖችና መካኒኮች ግን የያዙትን ሙያ የሚያስረክቡት ተተኪ አጥተው ነው የተበተኑት።

መጋቢት 3 ቀን 2011 ዓ.ም. ኢትዮጵያና ፈረንሳይ የመከላከያ ስምምነት ሲፈራረሙ፣ የባሕር ኃይሉን ዳግም ማቋቋም አንዱ ጉዳይ ነበር። የባሕር ዳርቻዋን ያጣችው አገር ወደብ መቼና እንዴት ታገኛለች የሚለው ብዙ ያከራክራል። ማስተማር ግን ወደብ እስኪገኝ መቆየት የለበትም። ቢሾፍቱ፣ ባቦጋያ ሐይቅ አጠገብ፣ በዓለም የንግድ መርከቦች ላይ የሚቀጠሩ ወጣት የመርከብ መሐንዲሶች ይሠለጥናሉ። «ኢትዮጵያ»ም ብትሆን ውቅያኖስ የገባችው ከሐይቅ ተነሥታ ነው። በሕይወት ያሉት የቀድሞ ባሕረኞች ትዝታቸውንና ሙያቸውን ለእነዚህ ልጆች የሚያወርሱበት መድረክ ዛሬውኑ ይሰናዳላቸው። የአጅባር ልጅም አንድ ቀን በሽሎን የተከተለ እንደሆነ፣ ባሕሩ ዳር የሚቀበለው ባለሙያ ወገኑ ይሁን።